አንድ የሚጨምረው አንባር

ሰኔ መግቢያ ላይ ገበሬው ቢሆነኝ የበርበሬ መደቡን ጎርፍ እንዳይወስድበት ቦይ ሲቆፍር ዶማው ከብረት ጋር ተጋጨ። ጭቃውን አራግፎ ቢያየው የመዳብ አንባር ነው። ኪሱ የተቀደደ ስለነበር በበሬው ቀንድ ላይ አጠለቀውና ሥራውን ቀጠለ። ከቡሬ ወዲህ ባለችው በዚያች መንደር ቢሆነኝ የታወቀ ባለ አንድ በሬ ነበር፤ እርሻ በመጣ ቁጥር መቀናጆ ፍለጋ የሰው ደጅ የሚጠና።

በማግስቱ ጋጡ ውስጥ ሁለት በሬ ቆሞ አገኘ።

"ሀብትነሽ!" ብሎ ሚስቱን ተጣራ። "የአለበል ቦራ በሬ እኛ ጋጥ ምን ይሠራል?"

"የምን የአለበል? ከጥጃነቱ ያሳደግኸው የራስህ በሬ አይደለም እንዴ? ምን ነካህ ዛሬ?"

የምትቀልድ መስሎት ፊቷን አየ። አትቀልድም። ረፋዱ ላይ ጎረቤቱ አለበል ራሱ መጣ።

"ወንድሜ፣ አንተ ባለ ጥማድ ነህ። ቦራውን ለዛሬ ብታውሰኝ?"

"አለበል፣ አንተ ሁለት በሬ አልነበረህም?"

"ኧረ ወዴት! እኔና ሁለት በሬ መቼ ተያይተን እናውቃለን" ብሎ ሳቀ አለበል፤ የገዛ በሬውንም አመስግኖ እየነዳ ሄደ።

ቢሆነኝ ፍኖተ ሰላም አሥረኛ ክፍል ድረስ ሲማር ከሁሉ የሚወደው ሒሳብ ነበር። አንባሩን ጠረጠረና ከቀንዱ አውልቆ በቅል አንገት ላይ አጠለቀው። ሲነጋ ቅሉ ሁለት ሆነ፤ ከወንዙ ማዶ ያለች ሴትም ቅል አውሱኝ ብላ መጣች፤ ቅል ኖሯት እንደማያውቅ እየማለች። በእንጨት መሬቱን እየጫረ ሲያሰላው ነገሩ ገባው። አንባሩ ከባዶ አያመጣም። እዚህ የደመረውን እዚያ ይቀንሳል፤ ድምሩ ያው ነው። ደግሞ የሚለውጠው ዛሬን ብቻ አይደለም፣ ትናንትንም ነው። የቀድሞውን የሚያስታውስ አንባሩን የነካ ሰው ብቻ ነው።

እንቅልፍ አልወስድ አለው። ባሕረ ሐሳብ ወደሚያስተምሩት ወደ የኔታ ገብረ ኢየሱስ ሄደና፣ "የኔታ፣ የሰው ንብረት እጄ ቢገባ፣ ባለቤቱም መጥፋቱን ባያውቅ፣ ኃጢአት ነው?" አላቸው።

"እሱ ባያውቅ አንተ አውቀህ የለ?" አሉና ወደ ደቀ መዛሙርታቸው ዞሩ።

ወደ ቤቱ ተመልሶ ለሀብትነሽ ሁሉን ነገራት። አልሰማ ስትለው አንባሩን እጇ ላይ አኖረላት። ፊቷ ተለዋወጠ።

"እውነትህን ነው" አለች ቀስ ብላ። "አንድ በሬ ነበረን።"

"ነገ በአለበል በሬ ቀንድ ላይ አጥልቄ እመልስለታለሁ። ከዚያ ይህን ነገር ገደል እከተዋለሁ።"

ሀብትነሽ አንባሩን እያገላበጠች ታየው ነበር። ከተጋቡ ጀምሮ ያልተጠመቁበት ጠበል፣ ያልተሳሉለት ታቦት አልነበረም፤ ልጅ ግን አልመጣም። ቢሆነኝ ጠዋት ሲነቃ በመካከላቸው አንዲት ሕፃን ተኝታ ነበር። አንባሩ በሀብትነሽ ክንድ ላይ ነው።

ሕፃኗን ያውቃታል። የአለበልና የሚስቱ የእህተ ማርያም አንዲት ልጃቸው ውዳሴ ናት።

"ምን አደረግሽ አንቺ ሴት?"

"ዝም በል፣ ትነቃለች።"

"የእህተ ማርያም ልጅ ናት!"

"የኔ ናት። እሷ መውለዷንም አታውቅ። ላላወቀችው ታለቅሳለች?"

ውዳሴ ዓይኗን እያሸች ተነሣችና "እማዬ፣ ውኃ" አለች። ሀብትነሽ ውኃ ቀድታ አጠጣቻት።

ከዚያ ወዲያ ቢሆነኝ ቤት ውስጥ መቀመጥ አቃተው። ሥራ ሳይኖረው ማሳ ይወርዳል፣ ሳይደክመው ይመለሳል። ልጅቱ "አባዬ" ብላ ስትሮጥለት ያቅፋታል፤ አቅፏት ደግሞ ዓይኑን ወደ አለበል ቤት ይሰዳል።

እህተ ማርያም መምጣት ጀመረች። አንድ ቀን ጨው ትላለች፣ አንድ ቀን ወንፊት፤ ገብታ ስትቀመጥ የመጣችበትን ትረሳለች። በመጨረሻ እንዲህ አለች፦

"ሀብትነሽ፣ ላንቺ ልንገርሽ። ወጥ ሳወጣ እጄ ትርፍ ሳህን ያነሣል። ሰው ሞቶብኝ የረሳሁት ይመስለኛል። አብጃለሁ እንዴ?"

በዚህ መካከል ውዳሴ ከደጅ ሮጣ ገባች። እህተ ማርያም ጎትታ በነጠላዋ ጫፍ አፍንጫዋን ጠረገችላት። ከዚያ ድንገት ተነሥታ፣ ለምን እንደሆነ ሳታውቅ እያለቀሰች ወጣች።

ሀብትነሽ ያን ዕለት እህል አልቀመሰችም። "እመልሳታለሁ" አለችው ባሏን።

"ስትመልሺ እኮ እህተ ማርያም አንባሩን ትነካለች። ያደረግነውን ሁሉ ታውቃለች።"

"አውቃለሁ።"

በማግስቱ ውዳሴን እጇን ይዛ ወደ እህተ ማርያም ቤት ሄደች። "ክንድሽን ስጪኝ" አለቻትና አንባሩን አጠለቀችላት። እህተ ማርያም "ልጄ! የኔ ልጅ!" ብላ ጮኸች። ውዳሴ ግን ደንግጣ ከሀብትነሽ ቀሚስ ኋላ ተደበቀች። ሀብትነሽ የልጅቱን ጣቶች አንድ በአንድ ከቀሚሷ አላቀቀችና ወደ ኋላ ሳታይ ወጣች። ልጅቱ "እማዬ" እያለች ስትጣራ አደረች። ሲነጋ የተጣራቻትን ረሳች።

አንባሩ አሁን በእህተ ማርያም እጅ ነው። ባልና ሚስት ከቤታቸው ምን ትወስድ ይሆን እያሉ ይሠጋሉ። አንድ ጠዋት ቦራው ከጋጣቸው ጠፋ፤ ቢሆነኝ ትልቅ ሸክም እንደወረደለት ሰው ተነፈሰ። ሌላ አልጎደለባቸውም።

ከቡሬ ገበያ መልስ እህተ ማርያም አጥራቸው ዘንድ ቆመች።

"አንባሩን ቀጥቃጭ ቤት አስቀልጬዋለሁ" አለች።

"እህተ፣ ስለ ማርያም ይቅር በይኝ" አለች ሀብትነሽ እያለቀሰች።

"አንጀቴን አውጥተሽ እንዴት ይቅር ልበልሽ? ለማንስ ልንገር? ለአለበል ብነግረው አበደች ይለኛል።" ለመሄድ ዞረችና ተመለሰች። "እንባሽን ግን አይቻለሁ። ልጅቱ ከናፈቀችሽ ነይ። እኔ ባለሁበት ብቻ።"

ሀብትነሽ ክረምቱን ሙሉ አልደፈረችም። መስቀል አልፎ ሜዳው አበባ ሲለብስ ሄዳ በሩ ላይ ቆመች። ውዳሴ አየቻትና ወደ ውስጥ ዞራ "እማዬ፣ ሴትዮ መጣች" አለች።

"ሴትዮ አይባልም። እትዬ ሀብትነሽ በያት" አለች እህተ ማርያም፤ መቀመጫ ዱካውንም ወደ በሩ ሳበችላት።