የቲራ ፍርድና የሄሪንግ ሰላጣው

«አሁንም ጨው ነው» አለች ቲራ ከወንበሯ ሳትነሣ።

«አልቀመስሽውም እኮ እማዬ!»

«መቅመስ አያስፈልገኝም። ውኃውን አያለሁ። ጨው የጠጣ ውኃና ያልጠጣ ውኃ መልኩ አንድ አይደለም።»

ሂለቪ ከጎድጓዳው ሳህን አንድ የሄሪንግ ቁራጭ አወጣች። ከጀርባው ቀጭን ክር የምታህል ሸርክታ አፏ ውስጥ ከተተች። ዓሣው ሌሊቱን ሙሉ ቀዝቃዛ ውኃ ውስጥ ተዘፍዝፎ አድሯል። ጨውነቱ ምላስ ላይ ቆየት ይላል እንጂ አይቆነጥጥም። ልክ ነው ልትል ነበር፤ ተወችው። ከእናቷ ጋር ስለ ጨው መከራከር ከባሕሩ ጋር መከራከር ነው፤ ባሕሩ እንኳ አንዳንዴ ወደ ኋላው ይመለሳል።

ነገሩ የሰላጣ ብቻ ቢሆን ማን ይናደድ ነበር? ለሰላጣ ብሎ የሚጨስ ሰው ሞኝ ነው። ሂለቪ ደግሞ ሞኝ አይደለችም፤ ከባሕሩ ማዶ ባለው ከተማ መድኃኒት ቤት ውስጥ ዕድሜዋን ሙሉ የሠራች፣ ለሐኪም ስሕተት እንኳ ስልክ አንሥታ የምትሟገት ሴት ናት። የሚያበግናት ሌላ ነው። መከር ላይ ቲራ የቤቷ የድንጋይ ደረጃ ላይ ተንሸራትታ ወደቀች። ቀኝ እጇ አንጓው ላይ ተሰበረ። ጎረቤት ዓሣ አጥማጅ መረቡን ሊያሰጣ ሲወጣ እስኪያገኛት ድረስ በዝናብ ውስጥ ተኝታ ቆየች። ሰማንያ ሰባት ዓመቷ ነው። ደሴት ላይ ብቻዋን ነው የምትኖረው። ነፋስ ሲበረታ ወደ ደሴቲቱ የምታሻግረው ጀልባ ትቆማለች፤ ጀልባዋ ከቆመች ሐኪም የለም፣ ሂለቪም የለችም።

በከተማው፣ ከጤና ጣቢያው አጠገብ፣ ሊፍት ያለው ቤት ተገኝቶላታል። ማዘጋጃ ቤቱ መልሷን ከገና ቀጥሎ እስካለው አዲስ ዓመት ይጠብቃል፤ እሺ ካላለች ለሌላ ሰው ይሰጣል። ይህን ሁሉ ሂለቪ አስረድታለች፣ ለምናለች፣ ጮኻለች። ቲራ ጆሮ ዳባ ልበስ አለች። የሙታን መታሰቢያ ቀን ቤተሰቡ የባሏ መቃብር ላይ ሻማ አብርቶ ሲመለስ፣ ጓንቷን እያወለቀች ፍርዷን አሰማች።

«በዚህ ቤት ገናን የምትይዘው የሄሪንግ ሰላጣውን የምትሠራዋ ናት። እኔ ከአማቴ ተረከብኩ፤ አማቴም ከአማቷ። ሂለቪ በገና ዋዜማ ሳላፍር የምበላው ሰላጣ ካቀረበችልኝ፣ ገናውን ለእሷ ሰጥቼ ወደ ከተማ እገባለሁ። ካላቀረበች ግን ይህን ወሬ ሁለተኛ እንዳልሰማ።»

«ይሄማ ፍትሐዊ ነው!» አለ የሂለቪ ታናሽ ወንድም ሲክስተን፣ ማታ በስልክ ሲነገረው፣ እየሳቀ።

ፍትሐዊ! ዳኛዋም ተከሳሿም አንዲት ሴትዮ የሆነችበትን ችሎት ፍትሐዊ ነው የሚል ሰው ስቶክሆልም ውስጥ የሕግ አማካሪ ተብሎ ደመወዝ ይበላል። ከሁሉ የከፋው ግን ሂለቪ ራሷ እሺ ማለቷ ነው። የተማረች ሴት፣ ዐይኗ እያየ፣ ውሉን ፈረመች።

አሁን በዋዜማው ዋዜማ ከወጥ ቤቱ ጠረጴዛ ጋር ተፋጣለች። ሰላጣው ዛሬ ተሠርቶ ቀዝቃዛ ቦታ ማደር አለበት፤ ያላደረ ሰላጣ እርስ በርሱ አይተዋወቅም። ሄሪንጉን ከተፈችው። የተቀቀለውን ቀይ ሥር፣ ፖሙን፣ በአቼቶ የተዘፈዘፈውን ኪያር፣ ሽንኩርቱን፣ ሁሉንም አተር በሚያህል መጠን ከተፈች። ጣቶቿ ቀልተዋል። እናቷ ከወንበሯ አንገቷን አስግጋ ታያለች።

«ምን ሆነሽ ነው እንዲህ ያደቀቅሽው? ጥርስ ላላበቀለ ሕፃን ነው?»

ሂለቪ ቢላዋውን አቆመች። «ዓምና "ለፈረስ ነው ወይ የቆረጥሽው" አልሽኝ።»

«ዓምና ለፈረስ ነበር።»

«ካቻምና ደግሞ ፖሙ በዛ አልሽ። ዛሬ ቅድም ፖሙ አነሰ አልሽ።»

«ፖም በየዓመቱ አንድ ነው እንዴ? ቅመሺው እንጂ አትቁጠሪው። የመድኃኒት ቤት ሰው መሆንሽን በዚህ አውቃለሁ።»

ሲክስተን ከሳሎን ገባ። ጸጉራም ካልሲውን አጥልቆ፣ ሸሚዙን ከሱሪው አውጥቶ፣ ልክ እንደ ልጅነቱ። ከሳህኑ አንድ ቀይ ሥር አንሥቶ ጎረሰና ዓይኑን ጨፈነ።

«ሽታው! እናንተዬ፣ ይህ ሽታ ከሌለ ገና ምኑ ገና ነው?»

«ና እንግዲህ፣ ቀሪውን ሽንኩርት ክተፍልኝ።»

«ዓይኔ አይችልም፤ ታውቂ የለም እንዴ።»

«ድንቹንስ?»

«አበላሽብሻለሁ እቴ። ይሄ እኮ ፈተናሽ ነው፤ እኔ ልኮርጅልሽ?» የእናቱን ግንባር ሳም አደረገ። «አየሻት? እንደ ዓለት ናት። እማዬ ብርቱ ናት።» ይህን ብሎ ወደ ቴሌቪዥኑ ተመለሰ።

እማዬ ብርቱ ናት። ይህን መከር ላይ በስልክ ብሏል፤ በረዶ ሲጥልም ብሏል። ከሩቅ የሚታይ ሰው ሁሉ ብርቱ ነው። ሂለቪ የድንቹን ድስት ጓ አድርጋ ስታሳርፈው ክዳኑ ዘሎ ወለሉ ላይ ተሽከረከረ።

«ድስቱ ምን አደረገሽ?» አለች ቲራ። «አህያውን ፈርቶ ዳውላውን።»

«እውነትሽን ነው፤ ዳውላውን ነው የምደበድበው!»

«ድንቹንማ እንዲህ ተናደሽ እንዳትነኪው። የተናደደ ሰው ድንች አይቆርጥም፤ ያፈርጠዋል። ቀጥ አድርገሽ ያዢ፤ መጀመሪያ በቁመቱ፣ ቀጥሎ በወርዱ። ይሄን ያህል ዓመት ሳሳይሽ...»

«እንግዲያውስ አንቺው ቁረጪው!»

ሂለቪ መክተፊያውን፣ ቢላዋውንና የቀዘቀዘውን ድንች አንሥታ እናቷ ፊት ዘረገፈችው። አንድ ድንች ተንከባለለና ቲራ ጭን ላይ ወደቀ።

ቲራ ድንቹን አየችው። ቢላዋውን አየችው። «ሰጠሽኝ?» አለች፤ ድምጿ ትንሽ ዝቅ ብሎ ነበር።

«ሰጠሁሽ። አሳዪኝ።»

ሂለቪ ዞር ብላ ክሬሙን መምታት ጀመረች። በዚህ ቤት ክሬም ሰላጣው ውስጥ አይገባም፤ በቀይ ሥር ጭማቂ ቀላ ተደርጎ ለብቻው ይቀርባል። ማዶ ያሉት ይደባልቁታል፤ ቲራ ስለ እነሱ ስታወራ ከሃይማኖት እንደ ወጣ ሰው ነው የምታወራው። ሂለቪ እየመታች አዳመጠች። የእናቷ ቢላዋ መክተፊያ ላይ ሲወርድ አንድ ዓይነት ድምፅ ነበረው፤ ከልጅነቷ ጀምሮ ታውቀዋለች፤ ፈጣን፣ እኩል፣ እንደ ልብስ ስፌት መኪና። አሁን የሚሰማት ያ አይደለም። ጠቅ ይልና ዝም ይላል። ከዚያ ግጭ። ከዚያ ብዙ ዝምታ።

በትከሻዋ በኩል አየች። የቲራ ቀኝ እጅ ቢላዋውን አልጨበጠም። ጣቶቹ ግማሽ መንገድ መጥተው ቀርተዋል። ቢላዋውን በሁለቱ ጣቶች መሐል አጋድማ፣ በግራ መዳፏ ከላይ እየተጫነች ነበር የምትቆርጠው። አንዱ ድንች አውራ ጣት ያህላል፣ ሌላው ተፈርፍሯል።

«ክሬምሽን ምቺ» አለች ቲራ ቀና ሳትል።

ሂለቪ አዘነች ቢባል ያምር ነበር። አላዘነችም። በገነች። «እጄ ድኗል» ይህች ሴት ለሐኪሙ ብላዋለች፣ ለነርሷ ብላዋለች፣ በየማታው በስልክ ብላዋለች። በዚህ እጅ ነው ምድጃ ውስጥ እንጨት የምትጨምረው! በዚህ እጅ ነው ደረጃው ላይ ብረቱን የምትይዘው! ሂለቪ የመድኃኒት ቤት ሰው ሆና፣ በየሁለት ቀኑ እየተሻገረች፣ አላየችም። ወይም ቲራ እንድታይ አልፈቀደችም፤ ቡናዋን በግራ ስትጠጣ «ቀኙ ሥራ ላይ ነው» እያለች ትቀልድ ነበር።

«እማዬ...»

«ቀይ ሥሩ ሲገባበት ሁሉም አንድ ነው» አለች ቲራ፣ ድንቹን በመዳፏ ጠርጋ ሳህኑ ውስጥ እየጨመረች። «ማንም አያየውም። ደባልቂው።»

ሂለቪ ደባለቀችው።

በማግስቱ ከሰዓት በኋላ፣ አገሩ ሁሉ ቁጭ ብሎ የሚያየው የቴሌቪዥን ዝግጅት ካለቀ ወዲያ፣ ገበታው ቀረበ። የተቀቀለው የአሳማ ታፋ፣ የሥጋ ድቡልቡሉ፣ ቋሊማው ነበሩ። መሐል ላይ ሰላጣው ጉብ ብሎ ቀልቷል፤ በላዩ የእንቁላሉ አስኳል ለብቻው፣ ነጩ ለብቻው ደቅቆ በመስመር ተነስንሷል። ሂለቪ ጠዋት ተነሥታ አስተካክላዋለች። ቆንጆ ነበር። ይህን ክፉ ጠላት እንኳ አይክደውም።

ሲክስተን የአረቄ መለኪያውን አነሣ። «ችሎቱ ተሰይሟል! እማዬ፣ በይ ፍረጂ።»

ቲራ በግራ እጇ በሹካ ቆንጥራ ጎረሰች። ቀስ ብላ አኘከች። መስኮቱን ትመለከታለች።

«ሄሪንጉ ደህና ነው» አለች። ሌላ ጎረሰች። «ክሬሙም ደህና ነው። ቀይ ሥሩ አልበዛም።»

ቤቱ ከነሊፍቱ፣ ከነጤና ጣቢያው፣ ከዚህች ሴት አፍ ውስጥ ሊወጣ ጥቂት ቀርቶታል።

ቲራ ሹካዋን አስቀመጠች። «ድንቹ ግን። እስቲ ድንቹን ተመልከቱት። አንዱ ድንጋይ፣ አንዱ አሸዋ። በዚህ ቤት እንዲህ ያለ ድንች ቀርቦ አያውቅም። አፍሬአለሁ።»

ሲክስተን ሳቁን ለቀቀው። «እህት ዓለም፣ ለከርሞ! ይግባኝ የለውም!»

ሂለቪ እናቷን አየቻት። እናቷም ዓይኗን ሳትሰብር መልሳ አየቻት። ድንቹን ማን እንደ ቆረጠው ሁለቱ ብቻ ያውቃሉ። ቲራ በራሷ እጅ ሥራ ላይ ፈረደች፤ ልጇ በገና ገበታ ላይ፣ በወንድሟ ፊት፣ አሮጊት እናቷን አታዋርድም ብላ በልጇ ይሉኝታ ተማምና ፈረደች። ዝም ብትል ደግ ልጅ ትባላለች፤ ሴትዮዋም በጥር በረዶ በእነዚያ ደረጃዎች ላይ ትወጣለች፣ ትወርዳለች። በይሉኝታ የተቀበረ ሰው ስንት ነው!

«ድንቹን ማን እንደ ቆረጠው ንገሪው» አለች ሂለቪ።

ቲራ በግራ እጇ የዳቦውን ሳህን ወደ ራሷ ሳበች።

«ንገሪው እማዬ።»

«በገና ገበታ ላይ ነው ያለነው።»

«እሷ ናት የቆረጠችው። ድኗል በምትለው እጇ። መጨበጥ አትችልም ሲክስተን። ቢላዋ መያዝ አትችልም።»

ሲክስተን መሳቅ ጀምሮ ተወው። «እማዬ፣ እስቲ እጅሽን ጨብጪ።»

«ልጅ የወለድኩ መስሎኝ ዐቃቤ ሕግ አሳድጌአለሁ» አለች ቲራ። ቀኝ እጇን ከጠረጴዛው ሥር አውጥታ ከዳቦው አጠገብ አስቀመጠችው። ሞከረች። ጣቶቿ ግማሽ ላይ ቆሙ። ሁሉም እጇን ያያል፤ እሷ ማንንም አታይም።

«ለምን አልነገርሽኝም?» አለ ሲክስተን። ዞሮ የጠየቀው ግን እናቱን አልነበረም፤ ሂለቪን ነበር።

«እኔ? የእጇንማ ነገር ትናንት ነው ያየሁት። ብቻዋን መኖር የለባትም ብዬ ግን መከር ላይ ነግሬሃለሁ። በረዶው ሲጀምር ነግሬሃለሁ። "ብርቱ ናት" አልከኝ።»

«ቢሆንስ ዛሬ፣ በዚህ ገበታ ላይ ባትናገሪው ምን ነበረበት?»

«መቼ ልንገርህ? በዓመት አንዴ ለሰላጣ ነው የምትመጣው!»

«አትጩሁ» አለች ቲራ። ማንኪያውን በግራ እጇ አንሥታ ሰላጣውን ደግማ ወሰደች፤ ትልልቆቹን ድንቾች ወደ ዳር እየገፋች። «ፍርዴ ልክ ነው። ድንቹ ያሳፍራል። የሄሪንጉንም ብያለሁ፤ ያልኩትን አልውጥም። የሂለቪ እጅ የነካው ሁሉ ደህና ነው።» ጥቂት አኘከች። «ከአዲስ ዓመት በኋላ እገባለሁ። እስከዚያ ግን ማንም ዕቃዬን እንዳይነካ። ክሬሙን አቀብዪኝ።»

ሂለቪ አቀበለቻት። ቲራ ሳታያት ተቀበለች፤ አመሰግናለሁም አላለች።

አሸነፈች እንግዲህ። መከሩን ሁሉ የለመነችውን አገኘች። ድሉ ግን እንዳላደረ ሰላጣ ሆነባት፤ አልጣማትም። እናቷ ሦስት ወር የሸሸገችውን ገመና በገና ዋዜማ ከዳቦ አጠገብ አስጥታባታለች። ሌላ መንገድ ነበረ እንዴ? ቢኖር ኖሮ መቼም አንድ የተማረ ሰው ባገኘው ነበር።

«እሺ» አለችው ወንድሟን። «ዕቃውን የምታወርደው አንተ ነህ። ከአዲስ ዓመት በኋላ አንድ ሳምንት ትቆያለህ።»

«እኔ... አንድ ሳምንት ሙሉ? እዚያ የቀጠርኳቸው ሰዎች አሉ እኮ...»

«ተይው ልጁን» አለች ቲራ፣ ለመጀመሪያ ጊዜ ቀና ብላ። «ሥራ አለበት። ከስቶክሆልም እዚህ ድረስ ስንት መንገድ መሰለሽ? የማይሆን ነገር አትጫኚበት።»

ሂለቪ አፏን ከፈተች። የሚወጣው ቃል ገናን ብቻ ሳይሆን ፋሲካንም የሚያበላሽ ነበር። እናም ሂለቪ፣ እናቷ ወደ ዳር ከገፋቻቸው ድንቾች ትልቁን፣ አውራ ጣት የሚያህለውን፣ በሹካ ወግታ አፏ ውስጥ ከተተችና ቃሉን አብራ አኘከችው።