ከአንድ ድስት የበሉ ተፋላሚዎች

ካገሚኔ ተጋጣሚውን ደረቱን ይዞ ገፋው፤ ሰውየው ከገመዱ ክብ ወጣ። ሰባት ትግል፣ ሰባት ድል። በአሥራ ስምንት ዓመት የሱሞ ኑሮው እንዲህ ያለ ነገር አይቶ አያውቅም። ደስታው ግን መታጠቢያ ቤት እንኳ አላደረሰውም። ለካ በአንድ ማሠልጠኛ ቤት አብሮት የሚኖረው ሃያሰም ሰባቱንም አሸንፏል።

የአንድ ቤት ታጋዮች እርስ በርስ አይጋጠሙም፤ ለምድቡ አሸናፊነት እኩል ከወጡ ግን ምርጫ የለም፣ በመጨረሻው ቀን፣ እሁድ፣ ተጋጥመው ይለያሉ። እሁድ እስኪደርስ ሁለቱ ጎን ለጎን ተኙ፣ ካገሚኔ ከሠራው ድስት አብረው በሉ።

ካገሚኔ ሠላሳ አራት ዓመቱ ነው። ከዚህ ውድድር በኋላ በሱሞ ወግ ጸጉሩን ተቆርጦ ከትግል እንደሚሰናበት ለቤቱ አለቃ ነግሯል። አንድ ጊዜ እንኳ የምድቡ አሸናፊ ሆኖ ቢሄድ ምን አለበት? አሥራ ዘጠኝ ዓመት የሆነው ሃያሰ አንገቱን ደፍቶ እንደ ኮርማ ነው የሚገባው፤ ያስተማረውም ራሱ ካገሚኔ ነው። አንድ እርምጃ ወደ ጎን ፈቀቅ ቢልለት ልጁ በራሱ ፍጥነት አፈር ይልሳል። ደንቡ አይከለክልም፤ ያሳፍራል እንጂ። ያቺ እርምጃ ሁለት ቀን ሙሉ ከሐሳቡ አልወጣችም።

እሁድ ሊገቡ ሲሉ ሃያሰ መጥቶ እጅ ነሣ።

"ጋሼ፣ እርስዎን እንዴት አድርጌ ልግፋ?"

"እንደ ጠላትህ ነዋ። ብትምረኝ ከድስቴ አትቀምስም።"

ይህን እንደተናገረ በራሱ አፈረ፤ ያቺን እርምጃ እዚያው ተዋት።

አዳራሹ በጩኸት ተናወጠ። ካገሚኔ እንዲህ ደስ ብሎት ክቡ ውስጥ ገብቶ አያውቅም። ትግሉን ለመጀመር ሁለቱም ጡጫቸውን መሬት አስነኩ። ካገሚኔ ባለ በሌለ ኃይሉ ቀጥ ብሎ ተወረወረ።

ሃያሰ ፈቀቅ አለ።

ካገሚኔ በግንባሩ ተደፋ። ሕዝቡ አጉረመረመ። አሸዋውን እየተፋ ተነሣ፤ እጅ ነሥቶ ወረደ። ሃያሰ መተላለፊያው ላይ ፊቱ በርበሬ መስሎ ጠበቀው።

"ፈራሁ፣ ጋሼ። ፊት ለፊት አልችልዎትም ብዬ ነው።"

ካገሚኔ ሊቆጣ አፉን ሲከፍት ሳቅ ቀደመው። በፋሻ የታሰረ ጉልበት ይዞ፣ በሠላሳ አራት ዓመቱ፣ እሱ ገና የሚፈሩት ሰው ኖሯል! ንዴቱም ደስታውም አንድ ላይ መጣበት። አለቃቸው ግን ሃያሰን በዓይናቸው እየገረፉ ደረሱ፤ ከዚያ ካገሚኔን የስንብትህን ቀን እንቁረጥ አሉት።

"መቀሱ ይቆይ፣ አለቃ" አለ ካገሚኔ። "ይሄ ልጅ ቀጥ ብሎ መግባት ገና አልቻለም። ነገ ከንጋቱ አሥራ አንድ ሰዓት እንጀምራለን።"

"ነገ እኮ ዕረፍት ነው" አሉ አለቃቸው።

"ለሁለታችን አይደለም።"