ዘመድ ስላልቀረበ

«ድንኳን አይተከልለትም አልኩ፣ አይተከልለትም!» አያልነሽ ጠረጴዛውን በመዳፏ መታችው። «ጭራሽ እኔው ቤት ተሰብስባችሁ ልታለቅሱለት ነው?»

«ማን አለቀሰ፣ እትዬ?» አለ ሚናስ፤ ናይሮቢ ተወልዶ ያደገ፣ ረጅም ስብሰባ የማይወድ ጎረምሳ ነው። «ሰውዬው ሞቷል እኮ። ባሲ፣ በቃ!»

«ባሲ አትበለኝ! ባለቤቴን የሱ ወታደሮች ከአልጋው አንስተው ሲወስዱት አንተ መች ተፀነስክና!»

ናይሮቢ፣ ሁርሊንግሃም ሰፈር ያለው የአያልነሽ ምግብ ቤት ለቅዳሜው የእድር ስብሰባ ለእንግዳ ተዘግቷል። ጥግ ላይ ጸሐፊዋ ሠርክ ቃለ ጉባኤ ትይዛለች። የዚህን እድር ጠብ መጻፍ ከጀመረች ስድስት ዓመት ሆኗታል። ስለ አባቷ ስትጽፍ ግን ይህ የመጀመሪያዋ ነው።

አባቷ መሆኑን ከተሰብሳቢው አንድ ሰው ብቻ ያውቃል። የወደቀው መንግሥት መሪ፣ አገሩ ሁሉ «ጄኔራሉ» የሚለው ሰው፣ እዚያው ናይሮቢ ኪሊማኒ ሰፈር ውስጥ አንድ ፎቅ ላይ ተደብቆ አርጅቶ ማክሰኞ ዕለት ሞተ። ከአገር ቤት «እዚህ አይቀበርም» የሚል መልስ መጣ። ሠርክን ያሳደጋት አጎቷ ዘካርያስ ስለነበር በፓስፖርቷም በእድሩ መዝገብም አባቷ ዘካርያስ ነው። እሑድ እሑድ ሻርፕ ተከናንባ ወደ ጄኔራሉ ትሄድ ነበር። ጥፍሩን ትቆርጥለታለች፣ መድኃኒቱን ትደረድርለታለች፣ ከዚያ አብረው ሬዲዮ ይሰማሉ። አንድ ቀን ስለ አያልነሽ ባል ጠየቀችው። «ብዙ ስም ነው» አላትና የሬዲዮውን ድምፅ ከፍ አደረገው።

አያልነሽ ደግሞ፣ ሠርክ ታይፎይድ የያዛት ጊዜ፣ ሦስት ሳምንት ሙሉ አጥሚት እየያዘች ተመላልሳለች። በዚህ ከተማ «ልጄ» የሚላት ሌላ ሰው የለም።

አባ ሕዝቅያስ ጉሮሯቸውን ጠረጉ። የሠርክ የንስሐ አባት ናቸው፤ የሚያውቁትም እሳቸው ናቸው። በንስሐ የሰሙትን ግን ማውጣት አይችሉም።

«ዘመድ ቢቀርብስ?» አሉ ወለሉን እያዩ። «ለምሳሌ፣ ልጅ ቢኖረው?»

«ደንቡ ግልጽ ነው፣ አባ» አለ የእድሩ ሰብሳቢ ገብረመድህን። «የአባል ቤተሰብ ከሆነ እንቀብራለን። ካልሆነ አናውቀውም።»

«ልጅ ካለውማ ይምጣ!» አለች አያልነሽ። «እዚህ ፊቴ ቆሞ አባቴ ነው ይበለኝ። ያኔ ንፍሮውን እኔው እቀቅላለሁ። የባሌ የወንዳፍራሽ አርባው የወጣው ያለ ሬሳ ነው፤ የት እንደጣሉት ዛሬም አላውቅም። ይሄ ሰውዬ ሳይነግረኝ ሞተ!»

የሠርክ እስክሪብቶ ቆመ። አንድ ቃል ይበቃ ነበር። ቀና ስትል አያልነሽ እያየቻት ነው።

«ምነው ልጄ፣ ፊትሽ ገረጣሳ? ምሳ አልበላሽም አይደል?»

«በልቻለሁ» አለች ሠርክ።

አባ ሕዝቅያስ ሠርክን አዩዋት። ከዚያ መስቀላቸውን ከጭናቸው አንስተው ኪሳቸው ከተቱት።

«በይ ጻፊ» አለ ገብረመድህን እጅ ከተቆጠረ በኋላ። «ዘመድ ስላልቀረበ እድሩ ቀብሩን አይረከብም። አሥራ አራት ድጋፍ፣ ሁለት ተቃውሞ። አንብቢልን።»

ቃለ ጉባኤ ሳይነበብ አይፈረምም። ሠርክ ቆማ አነበበች። «ዘመድ ስላልቀረበ» የሚለው ላይ ስትደርስ ድምፅዋ አልተንቀጠቀጠም፤ ይህም ራሷን አስገረማት።

«ልክ ነው» አሉ ተሰብሳቢዎቹ።

ፈርማ አስፈረመች። አያልነሽ እንዳሸነፈ ሰው አልሆነችም፤ ወንበሯ ላይ ተዝለፍልፋ ማልቀስ ጀመረች። «ጫማዬን እንኳ ላድርግ ቢላቸው እምቢ አሉት» ትላለች። ሚናስ ውኃ ሊያመጣ ሮጠ። ገብረመድህን ትከሻዋን ያዘ፤ አባ ሕዝቅያስም ወንበራቸውን ወደ እሷ አስጠጉ፤ የቀረውም ሰው ከበባት።

ሬሳ ቤቱ አሥራ አንድ ሰዓት ላይ ይዘጋል። እዚያ ሬሳውን ለመረከብ የሚፈለገው የአንድ ዘመድ ፊርማ ነው፤ ለተሸካሚነት አራት የቀን ሠራተኛ ይገኛል። ሠርክ መዝገቡን ከገብረመድህን ወንበር ፊት አስቀመጠች። ቦርሳዋን አንስታ፣ በአያልነሽ ዙሪያ በቆሙት ሰዎች ጀርባ አልፋ፣ በሩን ቀስ ብላ ከፈተችው። አርግዊንግስ ኮድሄክ መንገድ ላይ አንድ ማታቱ ሚኒባስ ሰው እየጠራ ነበር፤ ተሳፈረች።