አልዳንኩም፣ አልሄድምም

መረዋ የሚሏት በድምጿ ነው። ስትዘምር ድምጿ ከጸሎት ቤቱ ቆርቆሮ እየነጠረ እስከ አውቶቡስ ማቆሚያው ይሰማ ስለነበር፣ አንድ ጨዋታ አዋቂ ሽማግሌ «ይቺስ ሰው ሳትሆን መረዋ ናት» አሉና ስሙ በዚያው ተለጠፈባት። መተዳደሪያዋ ግን ልብስ መተኮስ ነው። በአንድ ላውንደሪ የኋላ ክፍል፣ እንፋሎት መስኮቱን አልብሶት በሚውልበት ቦታ ቆማ፣ የሰው ሸሚዝ፣ የሰው ሱሪ፣ የሆቴል አንሶላ ስታቃና ትውላለች። ካውያውን እየገፋች ታንጎራጉራለች። አጣቢዎቹም «ዛሬ ደግሞ የትኛውን ልትጋብዢን ነው?» እያሉ መዝሙር ያዟታል።

ከዕለታት አንድ ቀን ዝም አለች።

እንዴት እንደጀመራት እሷም አታውቀውም። ሰው አልሞተባት፣ ቤቷ አልተቃጠለ። ጠዋት ስትነሳ ውሃ የጠጣ ብርድ ልብስ የተጫነባት ያህል ይከብዳታል። የምትጎርሰው ሁሉ አፈር አፈር ይላታል። ልጆቿ አጠገቧ ሲስቁ ድምፃቸው ከጎረቤት የሚመጣ ይመስላታል። ስትዘምር አፏ ይከፈታል፣ ቃሉ ይወጣል፣ እሷ ግን የለችበትም። አንድ ቀን ካውያውን የአንድ ጠበቃ ነጭ ሸሚዝ ላይ አስቀምጣ ፈዝዛ ቀረች። ጨርቁ ቡናማ ሆኖ ሲጨስ ዓይኗ እያየ እጇ አልነሳ አለ። አለቃዋ ሮጦ መጥቶ ካውያውን ነጠቃት።

«ምነው መረዋ፣ በዚህ ዕድሜሽ ፍቅር ያዘሽ እንዴ?»

አጣቢዎቹ ሳቁ። እሷም ለመሳቅ ሞከረች፤ ፊቷ እምቢ አላት።

ባሏ የአውቶቡስ መካኒክ ነው፤ ከሰው ይልቅ ከሞተር ጋር ማውራት የሚቀናው ጭምት ሰው። እሱም ሰንብቶ አልጋው ጫፍ ላይ ተቀመጠና፣ «እኔ እኮ ሞተር ከሆነ ድምፁን ሰምቼ በሽታውን እነግርሻለሁ» አላት። «አንቺ ግን ድምፅሽንም አጠፋሽብኝ። ሐኪም ጋ ብንሄድስ?»

«እስቲ እትዬ ምን ትላለች» አለች መረዋ።

እትዬ ታላቅ እህቷ ናት። እናታቸው ስትሞት መረዋ ገና ድክ ድክ የምትል ነበረች፤ እትዬ ራሷ ልጅ ሆና ልጅ አሳደገች። አዘለቻት፣ አጠበቻት፣ ቀጣቻት፣ አስተማረቻት፣ ዳረቻት። ዛሬ የጸሎት ቡድኑ መሪ ናት። እሷ እጇን ያልጫነችበት ሕመምተኛ በሰፈሩ የለም ይባላል። በዕድሜ የሚበልጧት እንኳ «እትዬ» ነው የሚሏት፤ ሰባኪው ራሳቸው ነገር ሲከብዳቸው እሷን ያማክራሉ። እትዬ አንድ ነገር ካለች አለች ነው።

እትዬም ነገሩን ስትሰማ ዓይኗን አላሸችም። «ዝማሬሽን የጠላ ጠላት ነው የዘጋብሽ» አለች። «ውጊያ ነው። እንጾማለን።»

መረዋ ጾመች። ቀድሞውንም እህል እምቢ ያለው ሰውነቷ ይበልጥ ሟሸሸ። የጸሎት ቡድኑ ሴቶች በየቀኑ እየመጡ ከበው ጮኹላት፤ ሲወጡ ደግሞ እያንዳንዷ በበኩሏ ምክር ጣል አደረገችባት። አንዷ «ምስጋና የጎደለው ልብ ነው እንዲህ የሚጨልመው» አለቻት። ሌላዋ «የደበቅሽው ኃጢአት ካለ ተናገሪና ይውጣልሽ» አለቻት። ሦስተኛዋ ከንፈሯን ብቻ መጠጠች፤ እሱ ከሁሉ ባሰ።

የሚገርመው መረዋ አመነቻቸው። እስከዚያ ድረስ ሸክሟ አንድ ነበር፤ አሁን ሐዘኑ ላይ በማዘኗ ማፈር ተደረበባት። ሌሊት በጀርባዋ ተኝታ ጣሪያውን እያየች «ምን አድርጌህ ነው?» ትላለች። ጣሪያው ጣሪያ ነው፤ አይመልስም።

አንድ ቀን ከሥራ ስትወጣ መንገድ ልትሻገር ዳር ላይ ቆመች። ከወዲያ አንድ የጭነት መኪና እየከነፈ ይመጣል። «አሁን አንድ እርምጃ ብራመድስ?» የሚል ሐሳብ መጣባት፤ እንደ ወዳጅ ቀስ ብሎ፣ ሳያስፈራራ። ያስደነገጣት ይኼው አለማስፈራራቱ ነው። የመብራት ምሰሶውን አቅፋ መኪናው እስኪያልፍ ቆመች። ቤት ስትደርስ ለባሏ ነገረችው። እሱም ስለ እትዬ አንድም ቃል ሳይተነፍስ፣ በማግስቱ ጠዋት ቅባት የጠጣ የሥራ ልብሱን እንደለበሰ ክንዷን ይዞ ጤና ጣቢያ ወሰዳት።

ሐኪሟ ከመረዋ በዕድሜ የምታንስ ሴት ናት። ብዙ ጠየቀቻት፣ ብዙ አዳመጠቻት። በመጨረሻ፣ «ድባቴ ይባላል» አለቻት። «ሕመም ነው። ይታከማል።»

«እምነት ከማነስ የመጣ አይደለም?»

ሐኪሟ እስክሪብቶዋን አስቀመጠች። «የእርስዎን እምነት የምለካበት መሣሪያ የለኝም። ይኼን ሕመም ግን አውቀዋለሁ። ጸሎትዎን አልከለክልዎትም፤ እርስዎም መድኃኒቱን እንዳያቋርጡብኝ።»

መድኃኒቱ ተአምር አልሠራም። መጀመሪያ አፏን አደረቀው፣ ቀጥሎ እንቅልፍ እንቅልፍ አላት። ከሳምንታት በኋላ ግን አንድ ጠዋት ላውንደሪው በር ላይ ስትደርስ የሳሙናው ሽታ አፍንጫዋን መታት። ቆም አለች። ከስንት ጊዜ በኋላ የሸተታት የመጀመሪያው ነገር ነበር። ሌላ ሳምንት ደግሞ ትንሹ ልጇ የአባቱን አረማመድ ሲያስመስል አየችውና ሳቋ አመለጣት። እትዬም ይህን ሁሉ ለውጥ አየችና ጾሙ ሠራ ብላ በጉልበቷ ተንበረከከች።

ደስታዋ ግን የመረዋን መሳቢያ እስክትከፍት ብቻ ነበር። መርፌና ክር ፍለጋ የከፈተችው መሳቢያ ውስጥ ክኒኖቹን አገኘቻቸው።

«ይኼ ምንድን ነው?»

«መድኃኒቴ ነው፣ እትዬ።»

እትዬ ክኒኖቹን ይዛ መጸዳጃ ቤት ገባች፤ የክኒኖቹ መንኮሻኮሽ፣ ከዚያም የውሃው ድምፅ ተሰማ። እጇን እያደረቀች ተመለሰች። «የአንቺ መድኃኒት አንድ እሱ ነው። በሁለት ልብ አይታመንም።»

ያኔ መረዋን ቁጣ ያዛት። ከእግር ጥፍሯ እስከ ራስ ፀጉሯ ፈላች። ወራት ሙሉ ድንጋይ ሆና ለከረመች ሴት ይኼ ራሱ ሲሳይ ነበር፤ ጉንጯ ጋለ፣ በሕይወት መኖሯን አወቀችው።

«እትዬ፣ መነጽርሽን አውልቂ» አለች።

«ምን አልሽ?»

«መነጽርሽን አውልቂና እሱ ያሳይሽ። ወደ ቤትሽም እንዲያው በእምነት እየተደናበርሽ ሂጂ።»

«ዓይንና ነፍስ አንድ ነው እንዴ?»

«እኔ እንጃ። ሁለቱንም የሠራው አንድ ነው እያልሽ ያሳደግሽኝ አንቺ ነሽ።»

እትዬ ነጠላ ጫማዋን በችኮላ ግራና ቀኝ አሳስታ አጥልቃ ወጣች። መረዋ በማግስቱ ጤና ጣቢያ ሄዳ ሌላ መድኃኒት ተቀበለች። ከእንግዲህ መሳቢያ ውስጥ አልደበቀችውም፤ ሳሎን፣ ጠረጴዛው ላይ፣ ከቅዱስ መጽሐፉ ጎን አስቀመጠችው። «እንግዳ ያየዋል» ቢላት ባሏ፣ «ይየው» አለችው።

በዚህ መካከል ወሬው ለሰባኪው የደረሰው በግማሹ ነበር፤ መረዋ እንደተሻላት እንጂ በምን እንደተሻላት አልሰሙም። እሁድ ቤቱ ጢም ባለበት ሰዓት ድምፅ ማጉያውን ይዘው፣ «እህታችን በጾምና በጸሎት ፍጹም ተፈውሳለች። ትምጣና ትመስክር» አሉ። ሕዝቡ አጨበጨበ። እትዬ ከፊት ቆማለች፤ ዓይኗ መሬት ላይ ነው።

መረዋ ወጣች። ማጉያውን ተቀበለች።

«አልዳንኩም» አለች።

ጭብጨባው ቀጥ አለ።

«ተሽሎኛል። ጸልያችሁልኛል፣ እግዜር ይስጥልኝ። ግን መድኃኒት እየዋጥኩ ነው፤ ድባቴ ነው የያዘኝ። ‹በሽታውን የሸሸገ መድኃኒት የለውም› የምትሉ እናንተ ናችሁ። ስኳር ያለበት ስኳር አለብኝ ይላል፤ ማንም ኃጢአቱን አይበረብረውም። እኔን ግን በረበራችሁኝ።»

ሰባኪው ፒያኖ መቺውን በዓይን ጠቀሱት። ፒያኖው ጀመረ። ማጉያው ጠፋ። ሰውዬው ግን ማንን ዝም እንደሚያሰኙ ረስተው ነበር፤ መረዋ ማጉያውን መድረኩ ላይ አስቀምጣ ባዶ ድምጿን ለቀቀችው።

«እምነቴን የምትፈትሹ ሰዎች፣ ስሙኝ። ምንም ሳይሰማኝ መጥቻለሁ። መዝሙሩ እንጨት እንጨት እያለኝ ዘምሬአለሁ። ሰማዩ ተዘግቶብኝ በየሳምንቱ በሩን አንኳኩቻለሁ። ደስ ያለው ሰውማ ይመጣል፣ ምን አለበት። እኔ የመጣሁት ባዶዬን ነው። ይኼ እምነት ካልሆነ እናንተ የምትሉት እምነት ምን እንደሆነ አላውቅም።»

ወረደችና ሁለተኛው ረድፍ ላይ ተቀመጠች። ፒያኖ መቺው እጁን አንስቶ እንደ ተማሪ ጭኑ ላይ አስቀምጦት ነበር።

በሳምንቱ ሰባኪውና ሁለት ሽማግሌዎች ቤቷ መጡ። ጠረጴዛው ላይ ያለውን ክኒን እንዳላዩ ሆነው ተቀመጡ።

«ጉባኤውን አውከሻል» አሉ ሰባኪው። «ይቅርታ እስክትጠይቂ ከመዘምራን ተነስተሻል።»

«የመዘምራኑን ልብስ ተኩሼ እመልሳለሁ» አለች መረዋ።

«ለጊዜው ከጸሎት ቤቱም ራቅ ብትዪ ይሻላል።»

«እሱን እንኳ አላደርገውም። ቤቱ የእርስዎ ቢሆን ኖሮ እወጣ ነበር። ተሸክማችሁ ካላወጣችሁኝ በቀር አልሄድም። መድኃኒቱ ደግሞ እያወፈረኝ ነው፤ ወገባችሁን አስቡበት።»

ከጓዳ የባሏ ሳቅ ተሰማ። ከሽማግሌዎቹ አንዱም ሳሉን አስታኮ አፉን በመሐረብ ሸፈነ።

እንዳለችው አደረገች። በየእሁዱ እየሄደች ሁለተኛው ረድፍ ላይ ትቀመጣለች። ሰዉ ከግራና ከቀኟ ወንበር ይተውላታል፤ ሕመሙ የሚጋባ ይመስል። አንድ ቀን ግን አንዲት አስተማሪ መጥታ አጠገቧ ዘፍ አለችና፣ ፊቷን ሳታዞር፣ «ጤና ጣቢያው የትኛው ነው?» ብላ በሹክሹክታ ጠየቀቻት።

እትዬ ግን ከመረዋ ቤት ቀረች። ስልክም የለ፣ እግርም የለ። መረዋን ከሰባኪው ይልቅ ያቃጠላት ይኼ ነው። ቢሆንም አልለመነቻትም።

አንድ ቀን ቀትር ላይ አጣቢዎቹ ለምሳ ወጥተው መረዋ አንሶላ ስትተኩስ፣ እትዬ በእንፋሎቱ መሐል ብቅ አለች። መነጽሯ ጭጋግ ለበሰ። አውልቃ በቀሚሷ ጫፍ መጥረግ ጀመረች፤ ከጠራም በኋላ መጥረጉን አልተወችም።

«እናታችን በምን እንደሞተች ታውቂያለሽ?» አለች።

«ልቧ ደክሞ። አንቺ ነሽ የነገርሽኝ።»

«ዋሽቼሽ ነው። ፊቷን ወደ ግድግዳ አዙራ ተኛች፤ አልበላም አለች፣ አልናገርም አለች፤ እንደዚያው እንዳለች አለቀች። እኔ አልጋዋ ሥር ተንበርክኬ ነበር። ሲቀብሯት ‹ጸሎትሽ ደካማ ነበር› አሉኝ። ከዚያ ወዲህ ደካማ ጸሎት ጸልዬ አላውቅም።»

መረዋ ካውያውን አቆመች።

«አንቺ በክኒን ከተሻለሽ» አለች እትዬ፣ «እሷም ትድን ነበር ማለት ነው። በከንቱ ነው የሞተችው። እኔስ ይኼን ሁሉ ዘመን ምን ሳደርግ ኖርኩ?»

«እኔን ስታሳድጊ ነዋ። ማን ነው ጸሎትሽ ደካማ ነው ያለሽ?»

«ሁሉም።»

«ውሸታቸውን ነው። ልጅ ነበርሽ፣ እትዬ። የልጅ ጸሎት ደካማ ነው ያለ ሰው እሱ ራሱ ንስሐ ይግባ።»

እትዬ ማልቀስ አታውቅበትም፤ እንደ ማስነጠስ ድንገት ነው የወጣት። መረዋ ገና ትኩስ የሆነ የሆቴል አንሶላ አንስታ ፊቷን ጠረገችላት። አንሶላው ዳግመኛ መታጠብ ነበረበት።

እሁድ እትዬ እንደ ወትሮዋ ከፊት ቆማ በሕመምተኞች ላይ እጇን ጫነች። ለእያንዳንዱ ጸለየች። ስትጨርስ ግን ጎላ ባለ ድምፅ፣ «ሐኪም ያዘዘልህን እንዳታቋርጥ» ትላለች፤ ለሁለተኛውም፣ ለሦስተኛውም። ሰባኪው ፊታቸውን አጨፈገጉ። ሆኖም እትዬን ዝም በይ የሚል ወንድ እዚያ ቤት አልተፈጠረም።

መረዋ ያን ዕለት ክፉ ጠዋት ነበረባት። እንዲህ ያለው ቀን አሁንም ይመጣል፤ ሐኪሟም ይመጣል ብላታለች። መዝሙሩ ሲጀመር ልቧ አልገባም፣ ጸሎቱም እንደዚያው። እጆቿን አጣምራ፣ ጀርባዋን ወንበሩ ላይ ለጥፋ ተቀመጠች።

«ዛሬም አልሰማሁህም» አለችው አምላኳን በልቧ። «ይኸው መጥቻለሁ።»