ያልገባው መቃወሚያ

«ደሞ በለቅሶ መሃል የት ልትሄጂ ነው?» አክስቷ በሩ ላይ ክንዷን ያዘቻት። «ሰው እየገባ አንቺ ትወጫለሽ?»

«መጣሁ እኮ፣ እትዬ።»

«ገና በሦስተኛው ቀን! ሰው ምን ይላል?»

ልጅቷ የያዘችውን የወረቀት ፌስታል ከጀርባዋ ደበቀች። አባቷ ከሞተ ወዲህ እንባዋ ጠብ አላለም። ሰው ሁሉ «የዋህ ነበር» እያለ ሲያለቅስ፣ እሷን የሚያንገበግባት ያው የዋህነቱ ነበር።

አባቷ ቀለም ቀቢ ነበር። ይህን ቤት ገዝቶ፣ ከፍሎ ጨርሶ፣ ሰባት ዓመት ኖሮበታል። «ካርታውን በስምህ አዙረው እንጂ» ስትለው ይስቃል። «እየኖርኩበት ማን ተሸክሞት ይሄዳል?» ሻጩ ግን በስሙ የቀረውን ካርታ ይዞ ባንክ ሄደ፤ ቤቱን አስይዞ ተበደረ፤ መክፈል ሲያቅተው ባንኩ አስፈረደበት። ቤቱ የሚሸጥበት ጨረታ ነገ ጠዋት ነው።

ይህን የሰማችው ትናንት ነው፤ ያውም ከለቀስተኞች ሹክሹክታ። ከአባቷ ጋር ዕድሜ ልኩን መሰላል ሲወጣ የኖረ ሽማግሌ ወደ ጎኑ ዘንበል ብሎ፣ «ቤቱን በየዓመቱ ይቀባል፤ ካርታውን ማዞር ግን ሰነፈ» አለ። ሳቅ ሊያመልጠው ሲል አፉን ያዘ። «ጨረታውን የሚያስቆመውን መቃወሚያስ አስገብቶት ይሆን?»

አላስገባም ነበር። ፌስታሉን ከአባቷ ፍራሽ ስር አገኘችው፤ የሽያጭ ውሉ፣ ከብድሩ በፊት እዚህ ይኖር እንደነበር ጎረቤት የፈረመበት ወረቀት፣ በስሙ የተጻፈ መቃወሚያ። ለካ ወር ሙሉ ጠዋት ጠዋት «ሥራ አለኝ» ብሎ እየወጣ፣ በየሰው ደጅ ፊርማ ሲለምን ነበር የሚውለው። ለእሷ ትንፍሽ አላለም።

«እትዬ፣ ዛሬ ካልሄድኩ የምናለቅስበትም ቤት አይኖረንም።»

አክስቷ ክንዷን ለቀቀች።

የፍርድ ቤቱ መዝገብ ቤት መስኮት ሊዘጋ ሩብ ሰዓት ቀርቶታል። ጸሐፊው ገጾቹን አገላበጠ።

«አመልካቹ የታሉ? አልፈረሙም።»

«አባቴ ነው።»

«ይምጡና ይፈርሙ።»

«ሥራ…» አለችና ቆመች። «አይመጣም።»

ሰውየው ቀና ብሎ ጥቁር ልብሷን አየ። ድምፁን ዝቅ አደረገ።

«እግዜር ያጽናሽ፣ እህቴ። ከስማቸው በፊት ‹ሟች› ብለሽ ጻፊበት፤ ከታች ልጃቸው ነኝ ብለሽ አንቺ ፈርሚ። የወራሽነት ማስረጃውን ኋላ ታመጫለሽ፤ መዝገቡ ዛሬ ይከፈት። ቶሎ በይ።»

እስክሪብቶ አቀበላት። ከኋላዋ የተሰለፉት ማጉረምረም ጀመሩ።

«ምነው፣ እዚያው ተኛች እንዴ?»

ከአባቷ ስም በፊት የቀረው ቦታ ጠባብ ነበር። ቃሉን ወደ ወረቀቱ ዳር ገፋ አድርጋ፣ ስሙን እንዳይነካው አሳንሳ ጻፈችው።