ያላበው እንጨት

ጡረታ የወጣው የጭነት መኪና ሾፌር ሲያወራ አንድ ዐይኑ ብልጭ ድርግም ስለሚልበት ሰፈሩ «ፍሬቻ» ይለዋል። ያን ሰሞን፣ ልጆቼ፣ በደስታ እግሩ መሬት አልነካ ብሎት ነበር። ሴት ልጁ የመጀመሪያ ልጇን ወልዳ፣ ወር ሲሞላት ጨቅላዋን ይዛ ልትመጣ ነዋ! እሱ አያት ሊባል!

የእንግዳው ክፍል ብርዳም ስለሆነ ለምድጃው ደረቅ ፍልጥ አስመጣ። አስመጣና በሚያውቀው ሙያ አሰረው፦ ባዶ መሬት ላይ ከግድግዳ አስጠግቶ ከመረ፣ ከላይ እስከ ታች በሸራ ጠቀለለ፣ በገመድ ጠፈረ።

«አንተ ሰውዬ፣ እንጨት እኮ ይተነፍሳል። ጎኑን ክፈትለት» አለችው ሚስቱ።

«ሠላሳ ዓመት ጭነት ሳስር አንድ ጆንያ ረጥቦብኛል?»

«ያ እኮ በማግስቱ ይራገፋል። ይሄ ሊከርም ነው!»

ፍሬቻ ጆሮ ዳባ ልበስ አለ።

ልጁ ልትመጣ አራት ቀን ሲቀራት፣ ማክሰኞ ጠዋት፣ ገመዱን ፈታ። ሸራው ከውስጥ አልቦት ውሃው ጠብ ጠብ ይላል። የታችኛው ረድፍ ሻግቷል። አንዱን ፍልጥ ምድጃ ውስጥ ቢከተው ክፍሉ በጭስ ታፈነ።

«ጉዴ ፈላ! ጨቅላ እዚህ ጭስ ውስጥ?»

ሚስቱ እየሳለችም ሳቀች። «አይ የኔ ሾፌር! በል አራግፍ። አራት ቀን ፀሐይ አለን።»

እንደ ጎረምሳ ሠሩ። ከግድግዳው ክንድ ያህል ርቀው ድንጋይ ደረደሩ፣ በላዩ አጠና አጋደሙ። ወፍራሙን ፍልጥ ደግመው ፈለጡት፤ ነፋስ እንዲያልፍበት አራርቀው ረበረቡት። የሻገተውን ለብቻ ፀሐይ ላይ በተኑት። ሸራው አናቱ ላይ ብቻ እንደ ባርኔጣ ተደፋ።

«ወደ ቀኝ! ቀኝ አልኩህ! በቃ፣ ቁም!» ትላለች ሚስት፣ ልክ እንደ መኪና ረዳት። ፍሬቻ ቁና ቁና እየተነፈሰ ይታዘዛል።

ቅዳሜ ረፋድ ሁለት ፍልጥ አንስቶ አጋጨ። ማክሰኞ ከእርጥበቱ የተነሳ «ዱፍ» ይል የነበረው እንጨት «ቃ!» አለ።

«ሰማሽ?»

«ሰማሁ! ሩጥ፣ አቀጣጥል! መኪናው በር ላይ ደርሷል!»

ክብሪቱን ጫረ። እሳቱ ተንጣጣ፣ ከዚያም ጥርት ብሎ ነደደ። ልጁ ሕፃኗን ታቅፋ ገባች። ሕፃኗ ፊቷን ቋጠር ስታደርግ ፍሬቻ ጭስ የነካት መስሎት ወደ ምድጃው ዞረ። እሷ ግን አፏን ከፍታ አዛጋችና፣ ትንሿን መዳፏን ወደ ሙቀቱ ዘረጋች።

«አባዬ፣ ጭስ የሚባል የለውም እኮ! እንዴት አደረቅኸው?»

«እሱን እናትሽ ትንገርሽ፤ እኔ አሁን ሥራ አለብኝ» አለና የእንጨት ብናኙን ከሸሚዙ አራግፎ ሁለት እጁን ወደ ሕፃኗ ዘረጋ።