ሁለት ሌቦች በአንድ ጣውላ ላይ

ታዴዎስ ቶሮንቶ ከተማ፣ ሬክስዴል በሚባል ሰፈር ባለ አንድ ዌርሃውስ ለሥዕልና ለጥንታዊ ዕቃ ማጓጓዣ የሚሆን የእንጨት ሳጥን ይሠራል። ዕድሜው ሃምሳ ስምንት ነው፤ አርባውን ዓመት ከመጋዝና ከመሮ ጋር አሳልፎታል። አናጺነትን የተማረው መሳለሚያ በነበረው በአባቱ ወርክሾፕ ሲሆን፣ ቶሮንቶ ከመጣ ወዲህ በነበሩት አሥራ አንድ ዓመታት እሱ ያሸገው ዕቃ አንድም ቀን ተሰብሮ አያውቅም።

መጋቢት ውስጥ አንድ ማክሰኞ ጠዋት አለቃው ሊዮ በብርድ ልብስ የተጠቀለለ ነገር አምጥቶ ጠረጴዛው ላይ አስቀመጠለት። ሲገልጠው የሴት ፊት የተቀረጸበት፣ የጥንት ግብጻውያን የሬሳ ሳጥን ክዳን ነው። ሙሉ ግን አልነበረም። ከደረቷ በታች ተቆርጧል።

"ሐሙስ ወደ ኒውዮርክ ይሄዳል" አለ ሊዮ። "ሪፖርቱን ጻፍና ሳጥን ሥራለት።"

ሪፖርት የሚሉት ዕቃው ከመታሸጉ በፊት ያለበትን ሁኔታ፣ ጭረቱንም ስንጥቁንም መዝግቦ መፈረም ነው። ታዴዎስ መብራቱን ወደ ጎን አዘንብሎ፣ ማጉያ መነጽሩን ይዞ ከፊቷ ጀመረ።

ጉንጯና ግንባሯ ላይ ቀለም የለም። አንድ ሰው በትንሽ መጥረቢያ ከላይ ወደ ታች ፍቆታል። ምቱ አጭርና እኩል ነው፤ እንጨቱ አንድም ቦታ አልተሰነጠቀም። የተፋቀው ቦታ እንደ ቀሪው እንጨት ጠቁሮ፣ አቧራው ከውስጡ ጋር አንድ ሆኗል። ታዴዎስ ወርቅ እንደነበረበት ገባው። ወርቁን የወሰደው ሰው ከሞተ ስንት ሺህ ዓመት ሆኖታል፤ እጁ ግን የአናጺ እጅ ነበር። ለምን እንደሆነ ባያውቅም ይህ ነገር አሳፈረው።

ቀጥሎ ክዳኑን አዙሮ የተቆረጠበትን ጎን አየ። እዚያ ያለው እንጨት እንደ ዳቦ ልብ የነጣ ነው። ጣቱን ሲያሳርፍበት ሰጋቱራ ያዘው። ማዕዘኑ ጋ ምላጩ አልፎ ሄዶ ከሳንቲም የቀጠነ፣ እንደ ጥፍር ቅርጽ ያለው ትንሽ ምልክት ጥሏል። ይህን ምልክት በደንብ ያውቀዋል። ሳጥን ሲያስተካክል በየቀኑ የሚጠቀምበት፣ ምላጩ በኤሌክትሪክ የሚንቀጠቀጥ ማሽን የሚተወው ምልክት ነው።

ከዕቃው ጋር የመጣው ወረቀት ደግሞ ሌላ ይላል። የባለቤቱ አያት በ1934 እ.ኤ.አ. ካይሮ ገዝተው፣ "አሁን ባለበት ሁኔታ" ወደ ካናዳ አመጡት ይላል።

ታዴዎስ እንዲህ ብሎ ጻፈ፦ ፊቱ የተፋቀው በጥንት ዘመን ነው። የታችኛው ጎን የተቆረጠው ግን በኤሌክትሪክ መሣሪያ፣ በቅርብ ዓመታት ነው። ፈረመበትና ለሊዮ ሰጠው።

ሊዮ አንብቦ ሲጨርስ ወንበር ስቦ ተቀመጠ። "ታዲ፣ ሁለተኛውን አውጣው።"

"ለምን?"

"ደንበኛው ወረቀት አለው። እኛ እናሽጋለን፣ እንልካለን፤ ፖሊስ አይደለንም።"

"ያየሁትን ነው የጻፍኩት።"

"አንተ ባትፈርም ሌላ ሰው ይፈርማል" አለ ሊዮ ዓይኑን ከወረቀቱ ሳያነሳ። "ለሚቀጥለው ሳምንት ሺፍት ግን ቃል አልገባልህም።"

በምሳ ሰዓት ታዴዎስ መኪናው ውስጥ ተቀምጦ ለሚስቱ ለጸሐይ ኮል አደረገላት። ጸሐይ ሆስፒታል ትሠራለች፤ ብሬክ ላይ ነበረች። የሆነውን ሁሉ ነገራት።

"እርግጠኛ ነህ?" አለችው።

"እንጨት ላይ ተሳስቼ አውቃለሁ?"

"እንግዲያው እኔን ምን ትጠይቀኛለህ? የሚመለከተውን ሰው ጠይቅ እንጂ። ሐሙስ ነው አላልክም የሚሄደው?"

ስልኩን ዘግቶ የቅርስ ዝውውር የሚቆጣጠረውን የመንግሥት ቢሮ ቁጥር ፈለገና ደወለ። ያነሳችው ሴት ሳታቋርጠው አዳመጠችው፤ ለሪፖርቱ ያነሳቸውን ፎቶዎችም እንዲልክላት ጠየቀችው። በማግስቱ ዕቃው ከዌርሃውሱ እንዳይወጣ የሚያግድ ደብዳቤ ደረሰ። ሊዮ ደብዳቤውን አንብቦ ቢሮው ገባና በሩን ዘጋ።

ሐሙስ ጠዋት ጠረጴዛው ተከበበ። የመንግሥት ቢሮው ኃላፊ መጣች፤ የክዳኑ ባለቤት ነኝ የሚለው ነጋዴ ከጠበቃው ጋር መጣ፤ ከዩኒቨርሲቲ ደግሞ ፋሩቅ የሚባሉ ግብጻዊ ዶክተር መጡ። ዶክተሩ መጀመሪያ ያዩት ፊቷን ነው።

"ይህንን የጥንት ነው ያሉት እርስዎ ነዎት?" ሲሉ ታዴዎስን ጠየቁት።

"አዎ። አናጺ ነው የፋቀው።"

ዶክተር ፋሩቅ ራሳቸውን ነቀነቁ። "ልክ ነዎት። በዚያ ዘመን ተይዘው የተመረመሩ ሌቦች ቃላቸው በፓፒረስ ላይ ተጽፎ ቆይቶናል። ከመካከላቸው ድንጋይ ጠራቢ አለ፤ አናጺም አለ። መቃብር በመሥራት የሚተዳደሩ ሰዎች ነበሩ የሚዘርፉት፤ መግቢያውን ከማንም በላይ ያውቁታል።"

"ይህ ሁሉ ከደንበኛዬ ጋር ምን አገናኘው?" አለ ጠበቃው። "ቁርጡም የዚያን ዘመን ሊሆን ይችላል። እኚህ ሰው ሳጥን ሠሪ ናቸው፤ ሊቅ አይደሉም።"

ታዴዎስ አንድ የቆየ ጣውላ አምጥቶ በማጥበቂያ አሰረው። ግማሹን በእጅ መጋዝ፣ ግማሹን በሚንቀጠቀጠው ማሽን ቆረጠና ከክዳኑ ጎን አስቀመጠው። ማጉያ መነጽሩን ለኃላፊዋ ሰጣት። በአንዱ በኩል ጥርሱ የቦጫጨረው ሸካራ መስመር አለ። በሌላው በኩል እንደ ፀጉር የቀጠኑ መስመሮች አሉ፤ ማዕዘኑ ላይም ያው የጥፍር ምልክት። ክዳኑ ላይ ያለውም እሱ ነው።

"በ1934 ይህ ማሽን አልነበረም" አለ ታዴዎስ።

ጠበቃው ጎንበስ ብሎ አየ፤ ረጅም ጊዜ ወስዶ አየ። ነጋዴው መታገሥ አቃተው። "ምናልባት በኋላ አባቴ አስቆርጦት ይሆናል" አለ።

"'አሁን ባለበት ሁኔታ' ተብሎ የተጻፈው ላይ የፈረሙት እርስዎ ነዎት" አለች ኃላፊዋ። ጠበቃው የነጋዴውን ክንድ ያዝ አድርጎ ዝም አሰኘው። ኃላፊዋ ክዳኑ መወረሱን ነግራቸው ወረቀቷን አወጣች።

ሁሉም ሲወጡ ሊዮ የታዴዎስን ሪፖርት ከኪሱ አወጣ። ለካ አልቀየረውም። ጠረጴዛው ላይ ዘርግቶ ከታዴዎስ ፊርማ ሥር የራሱን አኖረበት። "ሰኞ ጠዋት አንድ ሰዓት ላይ እንዳትቀር" ብሎት ወደ ቢሮው ሄደ።

በኅዳር ወር ክዳኑ ለግብጽ የሚመለስበት የርክክብ ሥነ ሥርዓት ተደረገ። ታዴዎስ ሱፉን ለብሶ፣ ጸሐይን ይዞ ሄደ። ዶክተር ፋሩቅ አንድ ፎቶ በትልቁ ግድግዳ ላይ አሳዩ። የክዳኑ የታችኛው ክፍል ከአራት ዓመት በፊት ግብጽ ውስጥ ከሌቦች ተይዞ መጋዘን ተቀምጦ ኖሯል። የሁለቱ ክፍሎች ፎቶ ሲገጣጠም መስመር ለመስመር ገባ።

"ምላጩ ያለፈው በስሟ መካከል ነበር" አሉ ዶክተሩ። "ከላይ ሔኑት፣ ከታች ታዊ። ዛሬ ሙሉውን ማንበብ እንችላለን፦ ሔኑት-ታዊ፣ የአሞን ቤተ መቅደስ ዘማሪ።"

ጸሐይ በቤተ ክርስቲያን ኳየር ውስጥ ሃያ ዓመት ዘምራለች። ወደ ባሏ ጆሮ ጠጋ ብላ "ዘማሪ ነበረች እኮ" አለችው፤ ዓይኗ እንባ አቅርሮ ነበር።

ዶክተር ፋሩቅ ንግግራቸውን ሲጨርሱ የአናጺውን ስም ጠርተው እንዲቆም ለመኑት። አዳራሹ በጭብጨባ ተናጋ። ታዴዎስ ሰው ሲያየው አንገቱን መድፋት ልማዱ ነው። ያን ቀን ግን ቀጥ ብሎ ቆመ፤ ጭብጨባው እስኪያበቃም ቀና እንዳለ ነበር።